ስለ ማሽን የሚናገር መጽሐፍ ለልጅ እንዴት እንደሚመረጥና አብሮ እንደሚነበብ

ልጄ ሰባት ዓመት ሲሞላት ስለ ማሽኖች የሚናገር መጽሐፍ ልገዛላት ብዬ ከአራት ኪሎ እስከ ለገሃር ያሉትን መጻሕፍት መሸጫዎች ስዞር ሁለት ቅዳሜ ፈጀብኝ። ባለ ቀለም ሥዕል መጽሐፍ ሞልቶ ነበር፤ ነገር ግን አብዛኞቹ ማሽኑን ያሳያሉ እንጂ አሠራሩን አያሳዩም። ቀይ የጭነት መኪና ወይም ቢጫ ቡልዶዘር ይሳላል፣ ከሥሩ ስሙ ይጻፋል፣ ገጹም በዚያው ያልቃል። ልጅ ደግሞ የማሽኑን ስም አንዴ ከሰማ በኋላ የሚጠይቀው «እንዴት ነው የሚሠራው?» ብሎ ነው። ለዚህ ጥያቄ የሚበቃ መጽሐፍ እንዴት እንደሚለይና ከተገዛም በኋላ እንዴት አብሮ እንደሚነበብ ከዚያ ጊዜ ጀምሮ የተማርሁትን ለሌሎች ወላጆች ይጠቅማል ብዬ ጽፌዋለሁ።

መጽሐፉን ከመግዛትዎ በፊት እዚያው መሸጫው ውስጥ ቆመው በጣትዎ ይፈትኑት። አንድ ገጽ ይግለጡና ጉልበት ወደ ማሽኑ የሚገባበትን ቦታ ይፈልጉ፤ የብስክሌት ሥዕል ከሆነ ፔዳሉን፣ የእጅ ውኃ ፓምፕ ከሆነ እጀታውን፣ የመኪና ሞተር ከሆነ ነዳጁ የሚቃጠልበትን ክፍል ማለት ነው። ጣትዎን እዚያ ላይ ያሳርፉና እንቅስቃሴው ከአንዱ ክፍል ወደ ሌላው እየተላለፈ ሥራው እስከሚሠራበት ጫፍ ድረስ ይከተሉት። በብስክሌቱ ላይ ጣትዎ ከፔዳሉ ወደ ትልቁ ባለ ጥርስ ክብ፣ ከእርሱ ወደ ሰንሰለቱ፣ ከሰንሰለቱ ወደ ኋለኛው ትንሽ ክብ፣ ከዚያም ወደ ጎማው መድረስ አለበት። ሠዓሊው አንዱን ክፍል ሸፍኖት ወይም ረስቶት ካለፈና ጣትዎ መንገድ ላይ ከቆመ፣ ልጅዎም እዚያው ይቆማል፤ እንዲህ ያለውን መጽሐፍ ሥዕሉ ምንም ቢያምር ይተዉት። ጎበዝ መጽሐፍ ከዚህም አልፎ ጥርሶቹን ያስቆጥራል። የፊተኛው ክብ 48፣ የኋለኛው 16 ጥርስ ካለው፣ ፔዳሉ አንድ ጊዜ ሲዞር የኋላው ጎማ ሦስት ጊዜ እንደሚዞር ልጁ ራሱ አካፍሎ ይደርስበታል፤ ማካፈልን ገና ያልተማረ ልጅ ደግሞ ብስክሌቱን ገልብጦ፣ ጎማው ላይ ኖራ ቀብቶ መቁጠር ይችላል።

ሁለተኛው ፈተና የሥዕሉ ትክክለኛነት ነው። በዚህ ነጥብ ላይ ጥብቅ እንዲሆኑ አጥብቄ እመክራለሁ፤ ምክንያቱም ልጅ በሥዕል ያየውን ስሕተት ነቅሎ ማውጣት ያላየውን ከማስተማር ይከብዳል። በልጆች መጻሕፍት ሽፋን ላይ ብዙ ጊዜ ሦስት ባለ ጥርስ ክቦች እርስ በርሳቸው ተነካክተው እንደ ጉልቻ ተሰድረው ይሳላሉ። እነዚህ ክቦች ፈጽሞ ሊዞሩ አይችሉም። ጥርሳቸው የተያያዘ ሁለት ክቦች ሁልጊዜ በተቃራኒ አቅጣጫ ይዞራሉ፤ አንደኛው ወደ ቀኝ ቢዞር ሁለተኛው ወደ ግራ ይዞራል፣ ሦስተኛው ሁለተኛውን ተከትሎ ወደ ቀኝ መዞር ይኖርበታል፤ ነገር ግን ሦስተኛው አንደኛውንም ስለሚነካ ከእርሱም በተቃራኒ መዞር ግዴታው ነው። ሁለቱን ባንድ ጊዜ ማድረግ ስለማይቻል ሦስቱም ተቆላልፈው ይቆማሉ። ክቦቹ በአንድ መስመር ተከታትለው ከተሳሉ ግን ምንም ችግር የለም። የሞተር ሥዕል ካለም በሁለተኛው ምት፣ ማለትም ፒስተኑ ወደ ላይ ወጥቶ አየሩንና ነዳጁን በሚያምቅበት ጊዜ፣ ሁለቱም ቫልቮች ተዘግተው መታየታቸውን ይመልከቱ። አንዱ ክፍት ሆኖ ከተሳለ የታመቀው ሁሉ በዚያ ያመልጣል፤ ሠዓሊው ከሌላ ሥዕል ገልብጦ እንጂ ገብቶት አልሠራውም ማለት ነው።

ስለ ዕድሜ ብዙ አልልም። ከአምስት ዓመት በታች ላለ ልጅ በአንድ ገጽ አንድ ማሽንና አንድ እንቅስቃሴ ይበቃዋል፤ ከዚያ በላይ የሆነ ልጅ ግን ጣቱ እስከ መጨረሻው መከተል የቻለበትን መጽሐፍ ሁሉ ያነበዋል።

ማሽኑ ተቆርጦ ውስጡ የሚታይበት ሥዕል ግን ዝግጅት ይፈልጋል። እኛ አዋቂዎቹ ለምደነው እንጂ፣ ግማሹ የተወገደ ሞተር ለልጅ የተሰበረ ሞተር ነው። ስለዚህ መጽሐፉን ከመክፈትዎ በፊት ሁለት ብርቱካኖች ያቅርቡ፤ አንደኛውን ከአናቱ ወደ ታች፣ ሁለተኛውን በወገቡ ይቁረጡና ልጁ ሁለቱን ፊቶች እንዲሥላቸው ያድርጉ። አንድ ፍሬ ሁለት ዓይነት መልክ እንደሚሰጥ ካየ በኋላ የተቆረጠውን ሞተር «ብርቱካኑን እንደ ቆረጥነው ነው» ሲሉት ወዲያው ይገባዋል። ክፍሎቹ ተበታትነው በተርታ ለተሳሉበት ገጽ ደግሞ ከላይ በመጫን የሚከፈት እስክሪፕቶ ይበቃል። ልጁ ራሱ ይፍታው፤ ቱቦውን፣ ሞላውን፣ ቀለም ያለበትን ቀጭን ዘንግና የሚጫነውን ጫፍ ነጭ ወረቀት ላይ በቅደም ተከተል ያሰልፍ፤ ከዚያ መልሶ ይግጠም። ልጄ በመጀመሪያው ቀን ሞላውን ረስታ ስለገጠመችው ቀለሙ ወጥቶ አልመለስ አለ፤ የሞላን ጥቅም ያን ዕለት ካየችው በተሻለ የሚያስረዳ ገጽ እስካሁን አላገኘሁም።

ቀጥሎ የቃላት ጉዳይ ይመጣል። መጽሐፉ በእንግሊዝኛ ከሆነ ንባቡን ቃል በቃል ለመተርጎም አይሞክሩ፤ ሥዕሉን እያዩ በራስዎ አማርኛ ይተርኩት፣ የክፍሎቹንም ስም በትንንሽ ወረቀት ጽፈው ሥዕሉ ላይ ይለጥፉ። ስሙን የሚያገኙት ከመዝገበ ቃላት ይልቅ ከጋራዥ ነው። የአዲስ አበባ መካኒክ ከጣልያን ዘመን ጀምሮ ሲወርድ ሲዋረድ የመጣ ሙሉ የቃላት ሀብት አለው፤ ቺንጋ፣ ኩሽኔታ፣ ካምቢዮ፣ ፍሪሲዮን፣ ካንዴላ፣ ሞላ፣ ካቻቪቴ እያለ ቀኑን ሙሉ ይሠራል። እነዚህን ስሞች የሚያውቅ ልጅ በመንገዱ ላይ ያለውን ጋራዥ ሁሉ ማንበብ ይችላል። ከአገርኛው ቃላችንም ሽብልቅን የመሰለ ስም አለ፤ እንጨት ሲፈለጥ ስንጥቁ ውስጥ የሚገባው ሽብልቅ በየትኛውም የቀላል ማሽኖች መጽሐፍ ውስጥ ስለሚገኝ፣ ልጁ እዚያ ገጽ ሲደርስ ስሙን በአማርኛ ይስማው። የቋንቋችን አንድ ነገር ግን ልጆችን ያደናግራል፦ መኪና ስንል ጎማ ያለውን ብቻ ሳይሆን የስፌት መኪናን፣ የጽሕፈት መኪናንም እንላለን። ልጄ «የስፌት መኪና ጎማው የታል?» ብላ ስትጠይቀኝ መኪና የሚለው ቃል ከጣልያንኛ ሲመጣ ማንኛውንም ማሽን የሚያመለክት እንደ ነበረ ነገርኋትና ጎማ ያለው መሆኑን ለማየት ሄድን።

የሄድነው ፒያሳ አካባቢ በአንድ አሮጌ ሕንፃ ምድር ቤት ወደሚሠሩ ልብስ ሰፊ ነበር፤ መጽሐፉን ይዘን፣ የስፌት መኪናው ገጽ ላይ ዕልባት አድርገን። ሥራ በማይበዛበት ሰዓት መሄድና አስቀድሞ ፈቃድ መጠየቅ ይገባል፤ እኛም ከምሳ በኋላ ነበር የደረስነው። መኪናቸው በእግር የሚረገጥ ስለሆነ ከእርግጫው ወደ ትልቁ ክብ፣ ከትልቁ ክብ በቆዳ ቺንጋ ወደ ላይኛው መዘውር የሚሄደውን መንገድ ልጄ በጣቷ ተከተለችው፤ ትልቁን ክብ ስታይም «ይኸው ጎማው!» አለች። መርፌው ዘንድ ስትደርስ ግን ቆመች። «ጋሼ፣ ቀዳዳው ለምን ጫፉ ላይ ሆነ? የእማዬ መርፌ እኮ ቀዳዳው ከላይ ነው» አለቻቸው። ሰውየው እግራቸውን ከእርግጫው አንሥተው፣ ከመርፌው ሥር ያለውን ትንሽ መክደኛ ስበው ከፈቱና መዘውሩን በእጃቸው ቀስ አድርገው አዞሩላት። መርፌው ክሩን ይዞ ጨርቁን በስቶ ወረደ፤ ተመልሶ ወደ ላይ ሊወጣ ጥቂት ከፍ ሲል ክሩ ከጨርቁ ሥር ላላ ብሎ ትንሽ ቀለበት ሠራ፤ የሚዞረው መንጠቆም ያንን ቀለበት ያዘና በታችኛው ክር ዙሪያ አሳለፈው። ሁለቱ ክሮች የተቆላለፉት በዚያ ቅጽበት ነው። ቀዳዳው ከላይ ቢሆን ኖሮ ለአንድ ጥልፍ መርፌው በሙሉ ጨርቁን አልፎ መሄድ ነበረበት። መጽሐፉ ይህንኑ በአራት ሥዕሎች ያሳያል፤ ልጄም አራቱን ሥዕሎች በየተራ እየጠቆመች «አሁን እዚህ ነን፣ አሁን እዚህ ነን» እያለች ሰውየውን ሦስት ጊዜ አስደገመቻቸው።

ከዚያ ቀን ወዲህ እያንዳንዱን ገጽ በዚህ ቅደም ተከተል እናነባለን፤ መጀመሪያ መጽሐፉ፣ ቀጥሎ ማሽኑ፣ በመጨረሻም ተመልሶ መጽሐፉ። ሦስተኛውን እርምጃ አይዝለሉት፤ ልጁ ያየው ነገር ከሥዕሉ ጋር የሚገጥመው በዚያ ጊዜ ነው። ሁሉም ማሽን ግን ውስጡን አያሳይም። አሳንሰር ስንሳፈር የሚታየን በሩና ቁልፉ ብቻ ሲሆን፣ በሌላው የገመዱ ጫፍ ላይ ከባድ ሚዛን ተንጠልጥሎ እኛ ስንወጣ እንደሚወርድ የሚነግረን መጽሐፉ ነው። ያ ሚዛን የባዶውን ክፍል ክብደትና ከሙሉ ጭነቱ ግማሽ ያህሉን ስለሚመዝን፣ ሞተሩ የሚስበው ልዩነቱን ብቻ ነው። እንዲህ ያለውን ገጽ ከመሳፈር በፊት ማንበብ ይሻላል።

መጽሐፎቹ በሌላ አገር ስለተጻፉ አንዳንዱን ነገር እዚህ ካለው ጋር ማስተካከል የእርስዎ ሥራ ነው። በእንፋሎት ሞተር ገጽ ላይ ውኃ በ100 ዲግሪ ሴንቲ ግሬድ ይፈላል የሚል ጽሑፍ ያገኛሉ። ይህ በባሕር ጠለል ላይ እውነት ነው፤ ከባሕር ጠለል በላይ ወደ 2,350 ሜትር በምትገኘው አዲስ አበባ መሐል ግን የአየሩ ግፊት ስለሚቀንስ ውኃ የሚፈላው በ92 ዲግሪ አካባቢ ነው። ይህን በኅዳጉ ላይ በእርሳስ ይጻፉት። ቡና ቤት ገብተው የማኪያቶው ማሽን ሲያፏጭ፣ ማሽኑ ውኃውን በቡናው ውስጥ የሚያሳልፈው ከተራው የአየር ግፊት ዘጠኝ እጥፍ ገደማ በሆነ ኃይል መሆኑን ለልጁ ከነገሩት፣ የእንፋሎት ገጹ ስለ ምን እንደሚያወራ በጆሮውም ይሰማዋል።

በባቡር ገጽ ላይም እንዲሁ ነው። የልጆች መጻሕፍት ጭስ የሚተፋ ባቡር ይወዳሉ፤ የእኛ ልጆች የሚያዩት ባቡር ግን ጭስ የለውም። ገጹን ካነበባችሁ በኋላ ለገሃር ይሂዱ። የቦታው ስም ራሱ በፈረንሳይኛ ጣቢያ ማለት ነው፤ ከጅቡቲ የተነሣው የድሮው ሐዲድ አዲስ አበባ የደረሰው በ1909 ዓ.ም. ሲሆን በሁለቱ ብረቶች መካከል የነበረው ስፋት 1 ሜትር ነበር። በ2008 ዓ.ም. ሥራ የጀመረው የከተማው ቀላል ባቡር ሐዲድ ግን 1,435 ሚሊ ሜትር ስፋት አለው። ልጁ መጀመሪያ ወደ ላይ ይመልከት፤ ከባቡሩ ጣሪያ ወጥቶ ሽቦውን የሚነካውን ክንድ ያግኝ። ከዚያ ጣቱ ከሽቦው ወደ ክንዱ፣ ከክንዱ ወደ ሞተሩ፣ ከሞተሩ ወደ ጎማው፣ ኤሌክትሪኩ በሚመለስበትም ሐዲድ ላይ ይሂድ። በዳግማዊ ምኒልክ ዘመን አርመናዊው ሰርኪስ ተርዚያን ያስመጣው፣ መንገድ የሚደመድመው የእንፋሎት ማሽን ደግሞ ሐዲድ ባይኖረውም «የሰርኪስ ባቡር» ይባል ነበር፤ ያን ዘመን ለባቡርነት እንፋሎቱ ይበቃ ነበርና። ይህን ለልጄ ስነግራት የመጽሐፉን የእንፋሎት ማሽኖች ሁሉ «ባቡር» እያለች ሰየመቻቸው፤ አላረምኋትም።

መጽሐፍ መግዛት ለማይመችው ቤተሰብ አራት ኪሎ ያለው አብርሆት ቤተ መጻሕፍት ከ2014 ዓ.ም. ጀምሮ ክፍት ነው። እዚያ ሲሄዱ ነጭ ወረቀትና እርሳስ ይያዙ፤ ጣትዎ እስከ መጨረሻው የተከተለውን አንድ ገጽ ብቻ መርጠው ልጁ ገልብጦ ይሣለው። አሥር ገጽ ከማገላበጥ አንዱን መሣል ይበልጣል።

በማናቸውም ከውጭ በመጣ መጽሐፍ ውስጥ የማያገኙት ማሽን ቢኖር የኤሌክትሪክ ምጣድ ነው። ስለዚህ ያንን ገጽ እናንተው ሥሩት። ምጣዱ ከሶኬት ተነቅሎ፣ ሙሉ በሙሉም በርዶ፣ አዋቂ ሳይለይ ብቻ ይታይ፤ መክፈትም መፍታትም አያስፈልግም። ልጁ በመጀመሪያው ወረቀት ላይ ምጣዱን ከላይ፣ በሁለተኛው ላይ እንደ ብርቱካኑ ተቆርጦ ከጎን ይሣለው፤ ከላይ የሸክላው ገጽ፣ ከሥሩ በሸክላው ቦይ ውስጥ እንደ ቀንድ አውጣ ቅርፊት የተጠመዘዘው ሽቦ፣ ከሽቦው ጫፎች ወደ ሶኬቱ የሚሄደው ገመድ። ሽቦው የኤሌክትሪኩን መንገድ ስለሚያከብድበት ይግላል፤ ሸክላው ደግሞ ሙቀቱን ተቀብሎ ቀስ እያለ በእኩል ስለሚያሰራጨው እንጀራው ዓይኑን ያወጣል። ከጎኑ አንድ ስሌት ያስገቡ፦ ምጣዱ 3,600 ዋት የሚወስድ ቢሆን፣ ባለ 9 ዋት አምፖል 400 ያህል ከሚያበራ ኃይል ጋር እኩል ነው። ልጄ አራት መቶውን አምፖል ልትሥል ጀምራ ስድሳኛው ላይ ደክሟት አቆመች፤ ስድሳዎቹ አሁንም በገጹ ላይ አሉ።

ሥዕሉ ሲያልቅ በመርፌና ክር ከመጽሐፉ ጀርባ ጋር ይስፉትና ገጹን ላላየ ሌላ ልጅ፣ ለጎረቤትም ይሁን ለአክስት ልጅ፣ ይስጡት። ምንም ሳትናገሩ ጣቱን ሶኬቱ ላይ አሳርፎ እስከ እንጀራው ድረስ መሄድ ከቻለ ገጹ ተጠናቅቋል፤ መንገድ ላይ ከቆመ የቆመበትን ቦታ በእርሳስ ምልክት ያድርጉና ሥዕሉን ለሠራው ልጅ መልሰው ይስጡት።