ስለ ከተማ ብቸኝነት አጭር ፊልም ስትሠሩ ከእነዚህ ስህተቶች ራቁ

የመጀመሪያው ስህተት ብቸኝነትን ባዶ መንገድ ላይ መፈለግ ነው። ኮፍያ ያጠለቀ ወጣት፣ ዝናብ፣ ጭር ያለ አስፋልት። አዲስ አበባ ውስጥ ሰው ብቻውን የሚሆነው ሰው መሀል ነው። ሚኒባስ የኋላ ወንበር ላይ አራት ሰው ትከሻ ለትከሻ ተጣብቆ ይቀመጣል፣ አራቱም ስልካቸው ላይ አቀርቅረዋል፣ ከሲኤምሲ እስከ መገናኛ "ሒሳብ" እና "ወራጅ አለ" ከሚሉት በቀር ቃል አይሰማም። ቀኑን ሙሉ "ወራጅ አለ" ብቻ ብላ የምትገባ ሴት ብትቀርጹ እኮ በቃ፣ ፊልም ነው።

እኔን በጣም የሚቆጨኝ ግን የድምፁ ነገር ነው። አሳዛኝ ሙዚቃ ይጫንበትና የከተማዋ ድምፅ ድራሹ ይጠፋል። ኮንዶሚኒየም የኖረ ያውቀዋል፦ ጎረቤት ቡና ሲወቅጥ የሙቀጫው ድምፅ በግድግዳው ዘልቆ ይገባል፣ ሽታው በደረጃው ይመጣል፣ "ኑ ቡና ጠጡ" የሚል ግን የለም። ድሮ ሰፈር ውስጥ ሙቀጫው ራሱ ጥሪ ነበር። ያንን ድምፅ ብቻውን፣ ጥቁር ስክሪን ላይ፣ 20 ሰከንድ አሰሙን። ቤልጅየማዊቷ ፊልም ሠሪ ሻንታል አከርማን በ1970ዎቹ (እ.ኤ.አ.) ኒውዮርክን ስትቀርጽ እናቷ የጻፈችላትን ደብዳቤዎች ራሷ ታነባለች፤ አንዳንዴ የመኪናና የባቡር ጩኸት ድምፅዋን ይውጠዋል። አንጀት የሚበላው ያ መዋጡ ነው። ስለዚህ ከምትቀርጹበት ቦታ ሁሉ ቢያንስ 1 ደቂቃ የቦታውን ድምፅ ለብቻው ቅዱ።

የተምታታ ሁሉ ኤክስፐርመንታል (የሙከራ ፊልም) አይደለም። ለፊልሙ አንድ ሕግ አውጡለት። ፊት አይታይም፣ እጅ ብቻ። ወይ ካሜራው ከአንድ መስኮት አይነቃነቅም። ተመልካቹ ሕጉን ማንም ሳይነግረው ይለምደዋል፣ መጨረሻ ላይ አንዴ ስትሰብሩት ታዲያ ደንገጥ ይላል።

መብራታችን 50 ኸርዝ ነው፣ ኤሌክትሪኩ በሰከንድ 50 ጊዜ ይመላለሳል ማለት ነው። የስልካችሁን ካሜራ ሹተር (እያንዳንዱ ምስል ብርሃን የሚቀበልበትን ጊዜ) 1/50 ወይም 1/100 ሰከንድ ላይ ካልቆለፋችሁት የኮሪደሩ አምፖል ምስሉን ሊያርገበግበው ይችላል።

"ዘመናዊነት ነጣጠለን" የሚል ተራኪ ካለ አውጡት።

በመጨረሻ፣ እባካችሁ፣ በረንዳ ላይ የተኛን ሰው ሳትጠይቁ የብቸኝነት ምልክት አታድርጉት። ምናልባት አጠገቡ ሦስት ጓደኞቹ አሉ፣ አራተኛ ፎቅ ላይ በሩን ቆልፎ ከተቀመጠው ሰው ይልቅ ወገን ያለው እሱ ሊሆን ይችላል። ቀርባችሁ አዋሩት፣ ስሙን ጠይቁት። አይሆንም ካለ ካሜራውን ዝጉ።