በአንድ ሐዲድ ሁለት ባቡር እንዴት ይተላለፋል?

በአንዲት ትንሽ ጣቢያ ባቡር ሳሳልፍ ብዙ ዓመት ኖሬያለሁ። ሰው ሁሉ የሚጠይቀኝ አንድ ነገር ነው፦ «ሐዲዱ አንድ ከሆነ ፊት ለፊት የማይላተሙት እንዴት ነው?» ብዙዎች መልሱ የሰዓት ሰሌዳው ይመስላቸዋል። አይደለም። ባቡር ይዘገያል፣ ይበላሻል። ሰዓትን ብቻ አምኖ ባቡር የሚለቅ ሰው ሥራውን አያውቅም።

መጀመሪያ መንገዱን ቆራርጠው። ከጣቢያ እስከ ጣቢያ ያለው አንድ ክፍል ነው፤ በአንድ ክፍል ውስጥ አንድ ባቡር ብቻ ይገባል። ጣቢያው ላይ ሐዲዱ ለሁለት ይከፈልና ወጣ ብሎ እንደገና ይገጥማል። መተላለፊያው እሱ ነው። ርዝመቱን ግን አትርሳ፤ ቢያንስ አንደኛው ባቡር እስከ ጅራቱ ካልገባ ሌላው ማለፍ አይችልም።

ቀጥሎ ፈቃዱን በእጅ የሚያዝ ነገር አድርገው። የጥንቱ ዘዴ ዱላ ነው። ለአንድ ክፍል አንድ ዱላ፤ ሹፌሩ እሱን ካልያዘ አይገባም። አንድ ዱላ ሁለት ቦታ ሊገኝ አይችልማ! ጣጣው፣ ሁለት ባቡር ተከታትሎ ወደ አንድ አቅጣጫ ሲሄድ ነው። ያኔ ለፊተኛው ዱላውን አሳይተህ የጽሑፍ ፈቃድ ትሰጠዋለህ። እሱ ማዶ መድረሱ ሲረጋገጥ የኋለኛው ዱላውን ይዞ ይከተላል።

እ.ኤ.አ. በ1874 እንግሊዝ ውስጥ ቶርፕ ላይ፣ ባቡር እንዲለቀቅ የሚፈቅድ የቴሌግራፍ መልእክት ኃላፊው ሳይፈርምበት ተልኮ ሁለት ባቡሮች ተጋጭተው ከ20 በላይ ሰው ሞተ። ከዚያ ኤድዋርድ ታየር የተባለ እንግሊዛዊ መሐንዲስ በ1878 አዲስ መሣሪያ አመጣ። እኔም የሠራሁት በዚሁ ዓይነት ነው። በሁለቱ ጣቢያዎች በሽቦ የተያያዙ ሁለት ሳጥኖች አሉ፤ ውስጣቸው ክብ ብረቶች ተደርድረዋል። አንዱን ለማውጣት የማዶው ሰው መፍቀድ አለበት። አንድ ብረት ከወጣ ሁለቱም ሳጥኖች ይቆለፋሉ። ብረቱ ከሁለቱ በአንዱ ተመልሶ እስኪገባ ብትለምን ብታስፈራራ ሌላ አይወጣም።

ብረቱን ወደ ሳጥኑ ከመመለስህ በፊት የመጨረሻውን ፉርጎ ቀይ መብራት በዓይንህ እይ። ከሌለ ግማሹ ባቡር ተበጥሶ መንገድ ላይ ቀርቶ ሊሆን ይችላል። በዘመናዊ መስመር ይህን ሥራ ቆጣሪ ይሠራዋል፦ የገባው ጎማና የወጣው ካልተካከለ ክፍሉ እንደተያዘ ይቆጠራል።

የመጨረሻው ነገር ማንበብ ነው። በብረቱ ላይ የክፍሉ ስም ተጽፏል። እ.ኤ.አ. በ1921 ዌልስ ውስጥ አበርሙል ላይ አንድ ሹፌር ራሱ ያመጣው ብረት ተመልሶ ተሰጠው። ሳያነብ ሄደ፤ 17 ሰው ሞተ።

እኔም አንድ ዝናባማ ሌሊት ይህንኑ ስህተት ሠርቻለሁ። ስልኩ ይጮሃል፣ እጄ ረጥቧል፤ የተቀበልኩትን ብረት መልሼ ለዚያው ሹፌር አቀበልኩት። ሰውዬው ባትሪውን አብርቶ አየና «ወንድሜ፣ ይሄ እኮ አሁን የሰጠሁህ ነው» አለኝ። ጉልበቴ ከዳኝ። ከዚያ ሌሊት ወዲህ ስሙን ጮክ ብዬ አነባለሁ፤ ሹፌሩም መልሶ እስኪያነብልኝ ብረቱን ከእጄ አልለቅም።