ማሃባሊፑራም በአንድ ቀን፦ ሊያስወግዷቸው የሚገቡ ስህተቶች

ለሕክምና፣ ለትምህርት ወይም ለንግድ ወደ ደቡብ ሕንዷ ቼናይ የሚመላለስ ኢትዮጵያዊ ጥቂት አይደለም። አንድ ነጻ ቀን ካገኙ ቀኑን በገበያ ማዕከል አያሳልፉት። ከከተማዋ በስተደቡብ 60 ኪሎ ሜትር ገደማ ርቃ፣ በባሕር ዳርቻ ላይ ማሃባሊፑራም አለች። በ7ኛውና በ8ኛው ክፍለ ዘመን የፓላቫ ነገሥታት ከግራናይት ያስፈለፈሏቸው የሂንዱ ቤተ መቅደሶች፣ ዋሻዎችና የዓለት ላይ ቅርጾች በዚያች ትንሽ ከተማ ተቀራርበው ይገኛሉ። ዩኔስኮ በዓለም ቅርስነት የመዘገባቸው እ.ኤ.አ. በ1984 ነው። በመንገድ ምልክትና በአውቶቡስ ላይ ማማላፑራም የሚል ስም ቢያዩ ያችው ከተማ ናት፤ ስሙ የመጣው “ማማላ”፣ ማለትም ታላቁ ታጋይ፣ ከሚባለው ከንጉሥ ናራሲምሃቫርማን ቀዳማዊ ነው።

ቀኑ ብዙ ጊዜ የሚበላሸው በዋዜማው ነው፤ መኪናው ሲያዝና ሰዓቱ ሲቆረጥ።

ሰዓትን በደፈናው መናገር

“በ12 ሰዓት ና” ያሉት ሾፌር እኩለ ቀን ላይ ቢመጣ ጥፋቱ የእሱ አይደለም። በፈረንጅ አቆጣጠር ጠዋት 6 መሆኑን በስልክ መልእክት ጽፈው ይላኩለትና አረጋግጦ እንዲመልስ ያድርጉ። በዚህ ጽሑፍ ያለው ሰዓት ሁሉ በእኛ አቆጣጠር ነው። የቅርሱ በር የሚከፈተው ከጠዋቱ 12 ሰዓት፣ የሚዘጋው ከምሽቱ 12 ሰዓት ነው። ቼናይን ከሌሊቱ 11 ሰዓት ተኩል ላይ ከለቀቁ 1 ሰዓት አካባቢ ይደርሳሉ። ዘግይተው ከወጡ የከተማው መጨናነቅ ብቻውን ረጅም ጊዜ ይወስድብዎታል።

የ“8 ሰዓት፣ 80 ኪሎ ሜትር” ኪራይ መቀበል

በሕንድ ከተሞች መኪና ከነሾፌሩ በብዛት የሚከራየው በዚህ ጥቅል ነው፤ ዋጋውም ርካሽ ይመስላል። ግን ደርሶ መልሱ ብቻ 120 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው። ብዙ አከራዮች ደግሞ ኪሎ ሜትሩንም ሰዓቱንም የሚቆጥሩት መኪናው ከጋራዥ ከወጣበት እስከሚመለስበት ድረስ ነው። ትርፉ በኪሎ ሜትርና በሰዓት ተባዝቶ ማታ ሲቀርብ ጭቅጭቅ ይነሳል። ስለዚህ ለሙሉ ቀን ጉዞ የተቆረጠ አንድ ዋጋ ይጠይቁ። የመንገድ ቀረጥ፣ የመኪና ማቆሚያና “ባታ” የሚሉት የሾፌር አበል በዋጋው ውስጥ መኖሩን በጽሑፍ ያረጋግጡ። ከተማዋ ከደረሱ በኋላ ግን ለአጫጭር ርቀት ባጃጅ አለ፤ እሱንም ቢሆን ዋጋውን ሳይነጋገሩ አይሳፈሩ።

ካንቺፑራምን በዚያው ቀን መጨመር

አስጎብኚ ድርጅቶች ሁለቱን ከተሞች በአንድ ቀን ማጣመር ይወዳሉ። መንገዱን ቢደምሩት ከቼናይ ማሃባሊፑራም፣ ከዚያ ካንቺፑራም፣ ከዚያ መልሶ ቼናይ ወደ 200 ኪሎ ሜትር ነው። ከርቀቱ የባሰ ችግር ደግሞ አለ። የካንቺፑራም ትልልቅ ቤተ መቅደሶች ዛሬም አምልኮ የሚፈጸምባቸው ስለሆኑ እኩለ ቀን አካባቢ ተዘግተው የሚከፈቱት ወደ 10 ሰዓት ገደማ ነው። በ7 ሰዓት የደረሰ ቡድን የተዘጋ በር አይቶ ወደ ሐር መደብር ይወሰዳል። የግድ ሁለቱንም ካሉ በካንቺፑራም ይጀምሩና ከ5 ሰዓት በፊት ጨርሰው ይውጡ፤ ከዚያም ውስጥ ካይላሳናታር የሚባለውን ቤተ መቅደስ አያስቀሩ። ምርጫው የእኛ ቢሆን ግን ቀኑን በሙሉ ለማሃባሊፑራም እንሰጠዋለን።

ከፀሐይ ጋር የሚጋጭ ቅደም ተከተል

ትልቁ ስህተት ይህ ነው። አብዛኛው ቡድን መኪናው ባቆመበት ጀምሮ መኪናው ወደሚመቸው ይሄዳል። የድንጋይ ቅርጽ ግን የሚታየው ብርሃን በጎኑ ሲያርፍበት ነው። ፀሐይ አናት ላይ ስትሆን ጥላው ስለሚጠፋ ፊት፣ ጣትና ጌጥ ሁሉ ከዓለቱ ጋር ይመሳሰላል።

የባሕር ዳርቻው ቤተ መቅደስም፣ “የአርጁና ተጋድሎ” የሚባለው ትልቁ የዓለት ቅርጽም ወደ ምሥራቅ ያያሉ፤ የጠዋት ናቸው ማለት ነው። “ራታዎች” የሚባሉት ከዓለት የተፈለፈሉ አምስት ቤተ መቅደሶች ደግሞ ከአንዱ በቀር ፊታቸው ወደ ምዕራብ ስለሆነ ከሰዓት በኋላ ያምራሉ። ስለዚህ 1 ሰዓት ላይ በባሕር ዳርቻው ቤተ መቅደስ ይጀምሩ፤ አንድ ሰዓት ይበቃዋል። ከ2 ሰዓት ተኩል ጀምሮ በትልቁ የዓለት ቅርጽ ፊት ይቁሙ። ከዚያ በስተጀርባ ያለውን ኮረብታና ዋሻዎቹን እስከ 5 ሰዓት ጨርሰው ለምሳና ለዕረፍት ይውረዱ። ከ9 ሰዓት ተኩል በኋላ ወደ ራታዎቹ ይሂዱ።

ከዚሁ ጋር የተያያዘ ሌላ ስህተት አለ፦ ጀምበር በባሕር ላይ ስትጠልቅ ለማየት ማምሸት። ባሕሩ በስተምሥራቅ ነው፤ ፀሐይ ከባሕር ትወጣለች እንጂ ወደ ባሕር አትጠልቅም።

ሾፌሩን አስጎብኚ ማድረግ

ሾፌር መንገድ ያውቃል፤ ሐውልቱን ያውቃል ማለት ግን አይደለም። በር ላይ ከሚጠብቁት መካከል የመንግሥት ፈቃድ ያለውን፣ ፎቶው ያለበት መታወቂያ ያንጠለጠለውን ይምረጡ። ከመነሳትዎ በፊት አራት ነገር ይነጋገሩ፦ ዋጋው ለሰው ነው ወይስ ለቡድን፣ ስንት ሰዓት ይቆያል፣ የትኞቹን ቦታዎች ይሸፍናል፣ በመጨረሻ ሱቅ ይወስዳል ወይ። ገለጻው በእንግሊዝኛ ስለሚሆን አብረዋችሁ ያሉ እናት ወይም አባት ቋንቋውን የማይሰሙ ከሆነ፣ በየቦታው ለትርጉም ፋታ እንዲሰጥ አስቀድመው ይንገሩት።

ትኬቱን መጣል

ለውጭ ዜጋ የመግቢያ ዋጋው 600 ሩፒ ነው፤ ሊለወጥ ስለሚችል በዋዜማው ያጣሩ። ከ15 ዓመት በታች ያሉ ልጆች አይከፍሉም። አንዱ ትኬት በዚያው ቀን ለባሕር ዳርቻው ቤተ መቅደስም ለራታዎቹም ይሠራል። በመጀመሪያው በር ወጥቶ ወረቀቱን የጣለ ሰው በሁለተኛው እንደገና ይከፍላል። ሕንዳውያን በስልክ ኮድ እያነሱ ይከፍላሉ፤ የውጭ ካርድ ግን ሁልጊዜ አይሠራምና ጥሬ ሩፒ ይያዙ።

ራታዎቹን የተገነቡ ቤቶች አድርጎ ማየት

“ራታ” ማለት ሠረገላ ነው፤ ሠረገላ ግን አይደሉም። በድራውፓዲ፣ በአርጁና፣ በቢማ፣ በዳርማራጃ፣ በናኩላና በሳሃዴቫ (የሁለቱ ስም ለአንዱ ራታ ነው) ስም መጠራታቸው በኋላ ዘመን የመጣ ልማድ ነው፤ እነዚህ ጀግኖች ከሚገኙበት ከጥንቱ የሕንድ ተረክ ከማሃባራታ ጋር የሚያገናኛቸው ነገር የለም። በአንድ መስመር የቆሙት አራቱ ከአንድ የተንጋለለ ዓለት ተፈልፍለው የወጡ ናቸው። ከደቡብ ወደ ሰሜን ይመልከቷቸው፤ ከረጅሙ ዳርማራጃ እስከ ትንሿ ድራውፓዲ ቁመታቸው እየወረደ ይሄዳል። ያ መስመር የጥንቱ ዓለት ጀርባ ነው።

ላሊበላን ያየ ሰው እዚህ ዓይኑ ቶሎ ይከፈትለታል፤ ልዩነቱን ካላስተዋለ ግን ይሳሳታል። የላሊበላ አብያተ ክርስቲያናት ብዙዎቹ ወደ ታች በተቆፈረ ጉድጓድ ውስጥ የቆሙ፣ ውስጣቸው ተፈልፍሎ ያለቀና ዛሬም የሚቀደስባቸው ናቸው። ራታዎቹ ዕድሜያቸው ከላሊበላ በብዙ መቶ ዓመት የሚበልጥ ሲሆን፣ ከመሬት በላይ ከቆመ ዓለት የወጡ፣ ሳይጠናቀቁ የቀሩና ለአምልኮ ያልተባረኩ ናቸው። ውስጣቸውን ለማየት የሚጋፋ ጎብኚ ብዙም ነገር አያገኝም። ይልቅ ዳርማራጃን ከላይ ወደ ታች ይዩት። ጉልላቱና የላይኛው ፎቅ እስከ መጨረሻው ተጠርቦ ሳለ ከታች ያለው ገና ሸካራ ነው፤ ጠራቢዎቹ ከአናቱ ጀምረው እየወረዱ እንደነበር ከዚህ የተሻለ ማስረጃ የለም። የድራውፓዲ ጣሪያ የሣር ክዳን ጎጆን ይመስላል፤ ግራናይቱ እንደ እንጨትና እንደ ሣር ነው የተቀረጸው። ከመስመሩ ወጣ ብሎ ከቆመው ከናኩላና ሳሃዴቫ ራታ አጠገብ ከአንድ ድንጋይ የወጣ ዝሆን ቆሟል፤ ከኋላው ሆነው ጀርባውን ከራታው ክብ ጀርባ ጋር ያስተያዩ።

የባሕር ዳርቻው ቤተ መቅደስ ግን ከዚህ የተለየ ነው። በ8ኛው ክፍለ ዘመን መጀመሪያ በናራሲምሃቫርማን ዳግማዊ ዘመን ከተጠረቡ ድንጋዮች የተገነባ ነው። ሺቫ ለሚባለው የሂንዱ አምላክ የቆሙ ሁለት መቅደሶችና በመካከላቸው ሌላው አምላክ ቪሽኑ ተኝቶ የሚታይበት ቅርጽ አለበት። የቅርጾቹ ፊት የተበላው በጨዋማው የባሕር ነፋስ ነውና ሲያልፉ እንኳ በእጅዎ አይንኳቸው።

በትልቁ ዓለት ፊት ፎቶ አንስቶ ማለፍ

ወደ 30 ሜትር የሚረዝመው ይህ ቅርጽ ከመቶ በላይ ምስሎች አሉበት፤ ብዙ ቡድን ግን አምስት ደቂቃ እንኳ አይቆይበትም። ግማሽ ሰዓት ይስጡት። መጀመሪያ ራቅ ብለው መካከሉ ላይ ያለውን ስንጥቅ ያግኙ፤ የእባብ አካል ያላቸው ናጋዎች በውስጡ ወደ ላይ ይወጣሉ። ከላይ ውኃ ይለቀቅበት እንደነበርና ስንጥቁ የጋንጅስ ወንዝ ሆኖ ይታይ እንደነበር ይታመናል። ከስንጥቁ በስተግራ አንድ ተጋዳይ በአንድ እግሩ ቆሞ፣ እጆቹን ወደ ሰማይ ዘርግቶ፣ የጎድን አጥንቱ እስኪቆጠር ከስቷል። አጠገቡ ሺቫ ቆሟል። ሰውዬው የሺቫን መሣሪያ የሚለምነው አርጁና ነው የሚሉ አሉ፤ ጋንጅስን ከሰማይ ያወረደው ባጊራታ ነው የሚሉም አሉ። አስጎብኚው አንዱን ብቻ ከነገረዎት ሌላውን ይጠይቁት።

አሁን ጠጋ ይበሉና በስተቀኝ ከትልልቆቹ ዝሆኖች አጠገብ ዝቅ ብለው ይመልከቱ። አንድ ድመት በኋላ እግሮቿ ቆማ፣ የፊት እጆቿን ልክ እንደ ተጋዳዩ ወደ ላይ ዘርግታለች፤ አይጦች በዙሪያዋ ተሰብስበዋል። ከዝሆኑ ሆድ ሥር ደግሞ ግልገሎች አሉ። በጥቂት እርምጃ ርቀት ባለው የክሪሽና አዳራሽ አንድ ሰው ላም ሲያልብ፣ ላሟም ጥጃዋን ስትልስ ያገኛሉ፤ ከገጠር ለመጣ ሰው ማብራሪያ አያስፈልገውም።

ኮረብታው ላይ “የክሪሽና የቅቤ ኳስ” የሚባለው 250 ቶን የሚገመት ድንጋይ በተዳፋት ላይ ቆሟል። ተፈጥሮ ያኖረው ነው፤ የሰው እጅ የለበትም። ሰልፉ ረጅም ከሆነ ትተው መብራት ማማው አጠገብ ወዳለው፣ ዱርጋ በምትባለው የሂንዱ እንስት አምላክ ስም ወደሚጠራው ዋሻ ይሂዱ። በአንበሳ ላይ ተቀምጣ የጎሽ ራስ ካለው ጋኔን ጋር የምትዋጋበት ቅርጽ ከዚያ ኳስ እጅግ ይልቃል።

ጫማ፣ ልብስና ሙቀት

በግንቦትና በሰኔ የቀኑ ሙቀት 38 ዲግሪና ከዚያ በላይ ይደርሳል፤ ከጥቅምት እስከ ታኅሣሥ መጀመሪያ ዝናብ አለ። ከታኅሣሥ አጋማሽ እስከ የካቲት ይመረጣል። ለአንድ ሰው ቢያንስ ሁለት ሊትር ውኃ ይያዙ። ኮረብታው ላይ ግራናይቱ ያንሸራትታልና ሶሉ የሚይዝ ጫማ ያድርጉ፤ ከሕክምና ያገገመ ሰው ካለ ኮረብታውን ይዝለል፤ ራታዎቹ ያሉት ሜዳ ላይ ነው። በከተማው መካከል ያለው የስታላሳያና ፔሩማል ቤተ መቅደስ ግን አምልኮ ያለበት ስለሆነ ጫማ ይወልቃል። በቀትር ድንጋዩ ስለሚያቃጥል ካልሲ ይዘው ይሂዱ፤ ትከሻና ጉልበት የሚሸፍን ልብስም ይልበሱ። ወደ ውስጠኛው መቅደስ ሂንዱ ያልሆነ አይገባም፤ ይህን ማክበር ይገባል።

“ሥጋ የለበትም” የተባለን ምግብ ጾም ነው ብሎ መብላት

በጾም ወቅት የሚጓዝ ሰው እዚህ ላይ ይሳሳታል። የደቡብ ሕንድ የአትክልት ምግብ ወተት፣ እርጎና “ጊ” የሚሉት ንጥር ቅቤ ይገባበታል። ፖንጋል የሚባለው የሩዝ ገንፎ ያለ ጊ አይሠራም፤ ዶሳ በሚባለው ስስ ቂጣ ላይም ብዙ ጊዜ ይቀባል። ከሩዝና ከጥራጥሬ ቦክቶ በእንፋሎት የሚበስለው ኢድሊ ከርግብ አተር ክክ ከሚሠራው ሳምባር ከሚባል ወጥ ጋር ይሻላል፤ ሳምባሩ በዘይት መቁላላቱን ግን ይጠይቁ። በታሚልኛ ጊ “ነይ”፣ ወተት “ፓል”፣ እርጎ “ታዪር” ነው፤ “ቬንዳም” ማለት አልፈልግም ነው። “ነይ ቬንዳም” ካሉ ይገባቸዋል።

መዋኘትና ድንጋይ መግዛት

ባሕሩ ከላይ ጸጥ ቢልም ከታች የሚስበው ጅረት ኃይለኛ ነው፤ ከቁርጭምጭሚት በላይ አይግቡ።

ከተማዋ ዛሬም የድንጋይ ጠራቢዎች ከተማ ናት፤ ሲመለሱ የመሮው ድምፅ ከየሱቁ ይሰማል። “ጥንታዊ ነው” ብሎ የሚሸጥልዎትን አይግዙ፤ ከ100 ዓመት በላይ የሆነን ቅርስ ከሕንድ ማውጣት እ.ኤ.አ. በ1972 በወጣ ሕግ የተከለከለ ነው፤ አዲስ ከሆነ ደግሞ ዋሽተዋችኋል። አዲስ ሥራ ሲገዙ አዲስ መሆኑ የተጻፈበት ደረሰኝ ይቀበሉ። የሳሙና ድንጋይን ግራናይት ብለው እንዳይሸጡልዎት ከሥሩ በጥፍርዎ ይጫሩት፤ ለስላሳው ይጫራል፣ ግራናይት አይጫርም። ክብደቱንም አስቀድመው ያስቡ፦ በሁሉም ጎኑ 20 ሴንቲ ሜትር የሆነ የግራናይት ጥርብ 21 ኪሎ ይደርሳል። ለአንድ ሻንጣ 23 ኪሎ ከተፈቀደልዎ ሻንጣው ውስጥ ሌላ ምንም አይገባም። በመዳፍ የሚያዝ ዝሆን ይበቃል፤ እሱንም በልብስ ጠቅልለው በሻንጣው መካከል ያኑሩት፤ ኩምቢው ቶሎ ይሰበራልና።