ኔትወርክ በሌለበት የሚከፈት ጌም፦ ታብሌት ላይ እንዴት ይጫናል?

በገና ሰሞን ከእህቴ ልጅ ጋር ወደ ዘጌ ሄድን። አያቱ እዚያ ናቸው። ከባሕር ዳር በጀልባ ተሳፈርን። ጀልባው ከዳር ራቅ እንዳለ ልጁ ታብሌቱን ከቦርሳው አወጣ። ማታ አብረን የጫንናቸው ሦስት ጌሞች ነበሩት። አንደኛውን ሲከፍተው «ከኢንተርኔት ጋር ይገናኙ» አለው። ሁለተኛው ገና የሚያወርደው ፋይል እንዳለ ነገረው። ሦስተኛው ማስታወቂያ ሊያሳየው ሲጠብቅ እዚያው ቀረ። «እታለም፣ ትናንት ይሠራ ነበር እኮ» አለኝ። እውነቱን ነው። ትናንት ቤት ውስጥ ዋይፋይ ነበር።

ልጁ ዓይኑ እንባ አቅርሮ ሐይቁን ሲያይ አንጀቴን በላኝ። ጌም መጫን ማለት «ጫን» የሚለውን ነክቶ መተው ይመስለኝ ነበር። ዋናው ሥራ ግን ከዚያ በፊትና ከዚያ በኋላ ነው። እኛ ጋ መብራት ይሄዳል፣ መስመር ይጠፋል፣ ጥቅል ያልቃል። ስለዚህ ጌም ስንጭን ኢንተርኔት የማይኖርበትን ቀን እያሰብን መሆን አለበት። ከዚያ ጉዞ በኋላ የምከተለውን መንገድ ከነምክንያቱ ልንገራችሁ። ብዙ ሰው እጅ ላይ ያለው አንድሮይድ ስለሆነ በእሱ ልሂድ። ለአይፓድ ኋላ ላይ ጥቂት እላለሁ።

መጀመሪያ ታብሌቱን እወቁት

ታብሌቱ በአማርኛ ከሆነ «ቅንብሮች»፣ በእንግሊዝኛ ከሆነ «ሴቲንግስ» የሚለውን ክፈቱ። ስለ ታብሌቱ በሚናገረው ክፍል ውስጥ የአንድሮይዱ ቁጥር ተጽፏል። ቁጥሩ ዝቅተኛ ከሆነ አንዳንድ አዳዲስ ጌሞች አይጫኑም። ፕሌይ ስቶር «ለዚህ መሣሪያ አይሆንም» ይላችኋል ወይም ጨርሶ አያሳያችሁም። ብልሽት አይደለም፤ ሌላ ጌም ፈልጉ።

ቀጥሎ «ስቶሬጅ» የሚለውን እዩ። 32 ጊጋባይት የተባለ ታብሌት 32ቱም የእናንተ አይደለም። ሲስተሙ ራሱ ትልቅ ድርሻ ይወስዳል። ጌም ከተጫነ በኋላም ያብጣል፤ ሲጫወቱበት ተጨማሪ ፋይል ያስቀምጣል። እኔ ሁልጊዜ 2 ወይም 3 ጊጋባይት ባዶ ቦታ እተዋለሁ። ያ ሲጠፋ ታብሌቱ ይንቀራፈፋል፣ ጌሙም መሀል ላይ ይዘጋል። ሚሞሪ ካርድ ብትጨምሩም ጌሙን ሙሉ በሙሉ ወደዚያ ማዛወር ብዙ ጊዜ አይቻልም። ፎቶና ቪዲዮውን ወደ ካርዱ አሳልፉና የታብሌቱን ቦታ ለጌም ልቀቁ።

ታብሌቱ ያገለገለ ከሆነ ወይም ዘመድ ከውጭ የላከው ከሆነ እዚህ ላይ ጠንቀቅ በሉ። ከአንድሮይድ 5.1 ጀምሮ ያሉ ታብሌቶች የድሮውን ባለቤት አካውንት ያስታውሳሉ። አካውንቱ ሳይወጣ በጎኑ ባሉት ቁልፎች ብቻ ፎርማት ከተደረገ ታብሌቱ ሲነሳ የድሮውን ኢሜይልና የይለፍ ቃል ይጠይቃል። ያለ እሱ አያሳልፍም። ስለዚህ ላኪውን ቀድማችሁ አደራ በሉት፦ መጀመሪያ አካውንቱን ከሴቲንግስ ያውጣ፣ ከዚያ ፎርማት ያድርግ። ታብሌቱ ሻንጣ ውስጥ ከገባ በኋላ ከምትደዋወሉ አሁን መናገሩ ይቀላል።

አንድ የእኛ አገር ጉዳይም አለ። ቀኑን በእጃቸው የሚሞሉ ሰዎች ዓመቱን በኢትዮጵያ አቆጣጠር ያስገባሉ። ያኔ ታብሌቱ ከሰባት ስምንት ዓመት በፊት ያለ ይመስለዋል። ኢንተርኔት ላይ ያሉ ድረ ገጾችና ሰርቨሮች የሚታወቁበት የደኅንነት ማረጋገጫ ከዚህ ቀን እስከዚህ ቀን የሚል ጊዜ አለው። ታብሌቱ ያን ማረጋገጫ «ገና አልጀመረም» ብሎ ይጥለዋል። ፕሌይ ስቶርም አይከፈትም። ኔትወርኩ እያለ ፕሌይ ስቶር እምቢ ካላችሁ መጀመሪያ ቀኑን እዩ። «በራሱ እንዲሞላ» የሚለውን አብሩትና ተዉት።

ጥቅሉን ከብክነት ጠብቁ

የቤት ዋይፋይ ያለው ሰው ይህን ክፍል ቢዘለው ችግር የለም። ብዙዎቻችን ግን ከስልካችን ሆትስፖት ከፍተን ነው የምናወርደው። ወጥመዱ ያለው እዚያ ነው። ታብሌቱ ሆትስፖቱን እንደ ማንኛውም ዋይፋይ ሊቆጥረው ይችላል። ያኔ «በዋይፋይ ብቻ» ያላችሁት ነገር ሁሉ በእናንተ ጥቅል መውረድ ይጀምራል። አንድ ጌም ላወርድ ገብቼ ሌሎች አፖች ራሳቸውን ሲያድሱ ጥቅሌ ተሟጦ ያውቃል።

መፍትሔው ሁለት ቦታ ላይ ነው። በታብሌቱ የዋይፋይ ዝርዝር ውስጥ የስልካችሁን ስም ነክታችሁ ግቡና «የሚለካ»፣ በእንግሊዝኛው «ሜተርድ» የሚለውን ምረጡ። ከዚያ ፕሌይ ስቶርን ክፈቱ። ከላይ ጥግ ላይ ያለችውን የአካውንታችሁን ምስል ንኩ። ወደ ሴቲንግስ ገብታችሁ በኔትወርክ ምርጫዎች ሥር አፖች በራሳቸው እንዳይታደሱ አድርጉ። ሳምንት ሳምንት እየገባችሁ የሚያስፈልገውን ብቻ ታድሳላችሁ። በኢትዮ ቴሌኮም መስመር የምትጠቀሙ *999# ላይ ገብታችሁ ለምታወርዱት መጠን የሚበቃ ጥቅል ቀድማችሁ ግዙ። ጥቅሉ መሀል ላይ ሲያልቅ ቀሪው ከዋና ሂሳብ እንዳይቆረጥባችሁ።

ምርጫው ላይ አትቸኩሉ

እኔ ብዙ ሰዓት የምወስደው እዚህ ላይ ነው። ፕሌይ ስቶር ላይ አንድ ጌም ስትከፍቱ ምስሉን ብቻ አይታችሁ አትለፉ። ከስሙ በታች የተጻፉት ትናንሽ ፊደላት ናቸው ዋናዎቹ። የሠሪው ስም አለ። ዝነኛ ጌም በፈለጋችሁ ቁጥር ተመሳሳይ ስምና ምስል የለበሱ ብዙ አስመሳዮች ይመጣሉ፤ የሚለያቸው የሠሪው ስምና የወረደበት ብዛት ነው። «ማስታወቂያ አለው» እና «በውስጡ ግዢ አለ» የሚሉ ጽሑፎችም አሉ። ሁለቱም ያሉበት ጌም በነጻ ይጫናል፤ ጥቂት እንደተጫወታችሁ ግን ግዙ እያለ ይወተውታችኋል።

የዕድሜ ምልክቱ ከ3+ ይጀምርና 7+፣ 12+፣ 16+፣ 18+ እያለ ይሄዳል። ልጅ ላለበት ቤት እሱን ማየት ግዴታ ነው። መጠኑን ለማወቅ ስለ ጌሙ የሚያብራራውን ክፍል ከፍታችሁ ወደ ታች ውረዱ። አንዳንዱ ከ50 ሜጋባይት ያንሳል፤ አንዳንዱ ከ1 ጊጋባይት ያልፋል።

ያለ ኢንተርኔት ይሠራ እንደሆነ ለማወቅ ደግሞ አስተያየቶቹን አንብቡ። አምስት ኮከብ የሰጡትን እለፏቸው። አንድና ሁለት ኮከብ የሰጡት ናቸው «ኔትወርክ ካልበራ አይከፈትም» ብለው በግልጽ የሚጽፉት። ስለ ጌሙ ባሕርይ ማሰብም ይረዳል። በሩቅ ካሉ ሰዎች ጋር የሚያጫውት ጌም ሁሉ መስመር ይፈልጋል። ፍሪ ፋየር፣ ፐብጂ፣ ሮብሎክስ ጀልባ ላይ አይሆኑም። ብቻ የሚጫወቱት ቼዝ፣ ሱዶኩ፣ እንቆቅልሽ፣ የመኪና ውድድር ብዙውን ጊዜ ይሆናል።

ከሞከርኳቸው ውስጥ ሁለቱን ሳልሰስት እመክራለሁ። ለትንንሽ ልጆች ጂኮምፕሪ (GCompris) የሚባል አለ። ከ2 እስከ 10 ዓመት ላሉ ልጆች የተሠራ ነው። ከ100 በላይ ጨዋታዎች በአንድ ላይ ይዟል፦ ቁጥር፣ ቀለም፣ ማስታወስ፣ ሎጂክ። ነጻ ነው፣ ማስታወቂያም የለውም። ቼዝ ለሚወድ ደግሞ ሊቼስ (Lichess) አለ። እሱም ነጻና ያለ ማስታወቂያ ነው፤ ኢንተርኔት ሳይኖርም ከታብሌቱ ጋር መጫወት ይቻላል። ገበጣ የሚናፍቃችሁ ካላችሁ ጨዋታው በሌላው ዓለም ማንካላ በሚል ስም ስለሚታወቅ በዚያ ስም ፈልጉ። ሕጉ ከቦታ ቦታ ይለያያል። አያት ካሉ አጠገብ አስቀምጡና አብራችሁ ሞክሩት፤ እኛ ቤት ዘጌ ላይ ያመሸነው በሱ ነው።

መጫን፣ መክፈት፣ መፈተን

አሁን «ጫን» የሚለውን ንኩ። «በመጠባበቅ ላይ» ብሎ ከቆመ ሌላ አፕ እየታደሰ ሊሆን ይችላል፤ ወረፋውን ከፍታችሁ ሌላውን አስቁሙት። ካልሆነ ታብሌቱን አጥፍታችሁ አብሩት።

ሲጨርስ ወዲያው ክፈቱት። ኢንተርኔቱን አትዝጉ። ብዙ ጌሞች በመጀመሪያው ቀን ብቻ የሚያወርዱት ተጨማሪ ፋይል አላቸው። ፕሌይ ስቶር ላይ 80 ሜጋባይት የነበረው ሲከፈት ሌላ 300 ሊጠይቅ ይችላል። የመጀመሪያውን ደረጃ ተጫውታችሁ እስክትጨርሱ ጠብቁ። ሁለተኛውንም ብትጀምሩት ጥሩ ነው።

ከዚያ ፈተናው ይመጣል። ጌሙን ሙሉ በሙሉ ዝጉት። የአውሮፕላኗን ምልክት ንኩ። ዋይፋይ አብሮ መጥፋቱን አረጋግጡ፤ አንዳንድ ታብሌት ላይ ሳይጠፋ ይቀራል። ታብሌቱን አጥፍታችሁ አብሩት። አሁን ጌሙን ክፈቱ። ከተከፈተና አሥር ደቂቃ ካጫወታችሁ አለፈ ማለት ነው። ካልሆነ አውጡትና ሌላ ፈልጉ። እኔ ይህን ፈተና ያላለፈ ጌም ለጉዞ አላስቀምጥም።

አንድ ነገር ደግሞ ከዚህ በኋላም ሊያበላሽባችሁ ይችላል። ፕሌይ ስቶር ቦታ ሲጠብበት ብዙ ያልተከፈቱ አፖችን በከፊል የሚያወጣበት ሥርዓት አለው። ምስሉ ቦታው ላይ ይታያል፤ ስትነኩት ግን እንደገና ሊያወርድ ኢንተርኔት ይጠይቃል። በፕሌይ ስቶር ሴቲንግስ ውስጥ አፖችን በራሱ የሚያከማቸውን ምርጫ አጥፉት።

በዜንደር ወይም ከሞባይል ቤት ስትወስዱ

ዳታ ውድ ስለሆነ ጌምን ከጓደኛ ስልክ በዜንደር መቀባበል የተለመደ ነው። ይገባኛል፤ እኔም አደርገው ነበር። ሁለት ችግር ግን አለው። አንደኛ፣ ፕሌይ ስቶር እ.ኤ.አ. ከነሐሴ 2021 ጀምሮ አዳዲስ አፖችን የሚቀበለው ተከፋፍለው በሚወርዱበት መልክ ነው። ለዚያ ስልክ የወረደው ክፍል ለእናንተ ታብሌት ላይስማማ ይችላል። በደንብ ተላልፎ ሳለ «አልተጫነም» የሚለው አንዱ ምክንያት ይኼ ነው። ሁለተኛው ይብሳል። ፋይሉ ከየት እንደመጣና ማን እንደነካካው አይታወቅም። «ሁሉም የተከፈተለት»፣ «ገንዘቡ የማያልቅ» እየተባለ የሚሰጥ ጌም ውስጥ ሌላ ነገር ተደብቆ ሊመጣ ይችላል። ያው ታብሌት ላይ የባንክ አፕ ካለ አደጋው የገንዘብ ነው።

የግድ ከሆነ ከምታምኑት ሰው፣ ከፕሌይ ስቶር የወረደውን ብቻ ተቀበሉ። ከአንድሮይድ 8 ጀምሮ ከፕሌይ ስቶር ውጭ የመጣን ነገር የመጫን ፈቃድ የሚሰጠው ለእያንዳንዱ አፕ ለብቻው ነው። ለዜንደር ፈቅዳችሁ ከጫናችሁ በኋላ ተመልሳችሁ ፈቃዱን አንሡ። ፕሌይ ስቶር ውስጥ ያለውን፣ ጎጂ አፖችን የሚፈልገውን ፕሌይ ፕሮቴክት ከፍታችሁም አስፈትሹት። ጌሙ ጨዋታ ብቻ ሆኖ ሳለ አጭር መልእክትና የስልክ ቁጥሮች ላንብብ ካለ አትፍቀዱ።

ለልጅ የምትሰጡት ከሆነ

በፕሌይ ስቶር ሴቲንግስ «ቤተሰብ» በሚለው ሥር የወላጅ ቁጥጥር አለ። ልጁ የማያውቀው ቁጥር ሞልታችሁ የዕድሜውን ወሰን ምረጡ። የባንክ ካርድ ካስገባችሁ ለእያንዳንዱ ግዢ የይለፍ ቃል እንዲጠይቅ አድርጉ። ታብሌቱን ለታናሽ ልጅ ስትሰጡ አንዱን ጌም ስክሪኑ ላይ የሚያስር ምርጫ በደኅንነት ሴቲንግ ውስጥ ታገኛላችሁ። ከጌሙ ወጥቶ ስልክ ወደማያውቀው ሰው አይደውልም፣ ፎቶም አይሰርዝም።

አይፓድ ያላችሁ አፕ ስቶርን ትጠቀማላችሁ፤ የወላጅ ቁጥጥሩ «ስክሪን ታይም» ውስጥ ነው። የአውሮፕላኗ ፈተና ያው ነው።

ጀልባ ላይ ስትወጡ ታብሌቱን በወፍራም ፌስታል ጠቅልሉት። ማዕበል ሲነሳ ውሃው እስከ መቀመጫው ይረጫል። ፀሐይ ላይም አታስቀምጡት፤ ሲግል ራሱን ይዘጋል። ቻርጁን ማታ ሙሉት፣ ብርሃኑን ቀንሱት፣ አውሮፕላኗን አብርታችሁ ተዉት። ደካማ ኔትወርክ ሲፈልግ የሚያቃጥለው ባትሪ ይተርፋል። ለጥምቀት ስንመለስ እንዲህ አድርገን ነበር፤ ዘጌ ስንደርስ ከግማሽ በላይ ባትሪ ቀርቶት ነበር።