አስማታዊው ዝናብ አልታመን ሲል፦ ለምናባዊ ዓለም ጸሐፊዎች ችግርና መፍትሄ ከጣና ዳር

እዚህ ባሕር ዳር ምናባዊ ዓለም ፈጥረው ልብ ወለድ የሚጽፉ ወጣቶች ረቂቃቸውን ሲያሳዩኝ፣ ብዙውን ጊዜ ከሁሉ ቀድሞ የሚላላው የአየር ጠባዩ ነው። የብር ዶፍ ይወርዳል፣ የሙታንን ድምፅ የሚያሰማ ካፊያ ያካፋል፤ አንባቢው ግን ልቡ አይቀበለውም። አስማቱ በአንድ ነገር ላይ ብቻ ቢሠራና የቀረው ሁሉ የውሃን ጠባይ ቢከተል ዝናቡ ይታመናል ብዬ አምናለሁ፤ የሚከተሉት መፍትሄዎችም የሚነሱት ከዚሁ ነው።

ምልክት፦ ተአምረኛው ዝናብ ሳምንት ሙሉ ዘንቦ በማግስቱ ገበያው እንደ ወትሮው ይቆማል።

መንስኤ፦ ጠብታው መሬት ከነካ በኋላ ጸሐፊው ረስቶታል።

መፍትሄ፦ ውሃውን እስከ መጨረሻው ይከተሉት። ለዚህ ጣናን የሚያህል አስተማሪ አላውቅም። ግልገል ዓባይ፣ ጉማራ፣ ርብና መገጭ የደጋውን ዝናብ ይዘው ወደ ሐይቁ ይገባሉ፤ የተፈጥሮ መውጫው ግን ዓባይ ብቻ ነው። ስለዚህ ዝናቡ የሚበረታው በሐምሌና በነሐሴ ቢሆንም፣ ሐይቁ ሞልቶ ከፍ የሚለው ዘግይቶ፣ ክረምቱ ሊወጣ ሲል ነው፤ በመካከሉም ወንዞቹ ገንፍለው የፎገራንና የደምቢያን ሜዳ የሚያጥለቀልቁበት ጊዜ አለ። እንግዲህ በእርስዎ ዓለም የሚዘንበው ዝናብ የነካውን ሰው ትዝታ አጥቦ የሚወስድ ነው እንበል። የተራራው እረኛ በዚያው ቅጽበት የእናቱን ስም ይረሳል፤ የሜዳው ገበሬ ጎርፉ ሲሸሽ የሌላ ሰው ሐዘን ከደለሉ ጋር ማሳው ላይ ተኝቶ ያገኛል፤ በደንገል ታንኳ የሚቀዝፈው ዓሣ አስጋሪ ደግሞ ሰማዩ ከጠራ ከሳምንታት በኋላ መረቡን ሲጎትት ያላሳለፈው ልጅነት ትዝ ይለዋል። አንዱ ዝናብ ለሦስት ሰዎች በሦስት የተለያየ ጊዜ ሲደርስ የታሪኩ አጽም ከዚያው ይገኛል። ጣና ሰፊ እንጂ ጥልቅ አይደለም፤ ስፋቱ ከ3,000 ካሬ ኪሎ ሜትር በላይ ሲሆን ጥልቅ የሚባለው ቦታ 14 ሜትር ገደማ ነው፤ በዚህም ምክንያት ብዙ ውሃ በትነት ያጣል። የእርስዎ ሐይቅም ሲተን ትዝታው አብሮ ወደ ደመናው ይመለስ እንደሆነ ወይም እንደ ጨው ከሥር ይቀር እንደሆነ ከመጻፍዎ በፊት ይወስኑ፤ የሚቀጥለው ክረምት ምን እንደሚያዘንብ የሚታወቀው በዚህ ውሳኔ ነው።

ምልክት፦ ዝናቡ የሚመጣው ዋናው ገጸ ባሕርይ ሲቸገር ብቻ ነው።

እዚህ ላይ መንስኤው ሰማዩ የራሱ ልማድ የሌለው መሆኑ ነው። በጣና አካባቢ ቀን ቀን ነፋሱ ከሐይቁ ወደ የብሱ ይነፍሳል፣ ሌሊት አቅጣጫውን ይለውጣል፤ ስለዚህ በክረምት በዙሪያው ባሉ ተራሮች ላይ ከሰዓት በኋላ የሚበረታው ዝናብ በሐይቁ ላይ የሚያይለው ሌሊት ነው። ለዓለምዎ እንዲህ ያለ የሰዓትና የወቅት ልማድ ይስጡት፤ ሰዎችም «ቡሄ ካለፈ የለም ክረምት» እንደምንለው የሚቆጥሩበት ቀን ይኑራቸው። ከዚያ በኋላ አስማታዊው ዶፍ ያለ ሰዓቱ ቢመጣ አንባቢው ራሱ ይደነግጣል። ዝናቡ ማንም በማይፈልገው ጊዜም ቢያንስ አንዴ ሊዘንብ ይገባል።

ቀለም ያለው ዝናብ ችግሩ ቀላል ነው፤ ቀለሙ ከምን እንደመጣ አልተወሰነም ማለት ነው። እ.ኤ.አ. በ2001 በሕንድ ኬረላ ግዛት የዘነበው ቀይ ዝናብ ሲመረመር ቀለሙ የአልጌ ዘር ሆኖ ተገኝቷል። የእርስዎም ዝናብ አንድ ነገር ይያዝ፤ ቆርቆሮው ላይ ሲደርቅ ጠርዙ የጠቆረ ክብ እድፍ ይተው፣ የተሰጣ ነጠላም ያበላሽ።

ቀስተ ደመናን በተመለከተ፣ የሚታየው ፀሐይ ከተመልካቹ ጀርባ ስትሆን ብቻ መሆኑን ጢስ ዓባይ ፏፏቴ ፊት የቆመ ሁሉ ያውቃል። ይህን ሕግ አውቀው ከጣሱት፣ ከገጸ ባሕርያቱ አንዱ ነገሩን አስተውሎ ይሸበር።

የመጨረሻው ምልክት ከሁሉም የሚያሳስበኝ ነው፦ ዝናቡ በየዓመቱ ቢዘንብም ሰዎቹ ሁልጊዜ ቆመው ይገረማሉ። መንስኤው ጸሐፊው ሰማዩን እንጂ ግቢውን አለማየቱ ነው። ጳጉሜን 3፣ በቅዱስ ሩፋኤል ዕለት ዝናብ ሲጥል የሚሆነውን ይመልከቱ። ዝናቡ የተባረከ ነው ተብሎ ስለሚታመን ልጆች ልብሳቸውን አውልቀው እየጮኹ ይወጣሉ፣ እናቶች ከጣሪያው ጠርዝ ሥር ሳፋና ባልዲ ይደረድራሉ። ተአምሩን የሚጠብቅ ሕዝብ ዕቃውን ቀድሞ ያዘጋጃል። ስለዚህ ለትዝታ አጣቢው ዝናብም ልጆች እንዳይወጡ በር የሚይዝ አያት፣ ልትረሳ የፈለገችውን ይዛ ከቤት የምትወጣ ባል የሞተባት ጎረቤት፣ የተጠራቀመውን ውሃ በጠርሙስ የሚሸጥ ነጋዴ፣ ውሃው ይሸጥ አይሸጥ ብለው የሚከራከሩ ሽማግሌዎች ይጻፉ። ዝናቡ ራሱ ከዚያ በኋላ ሁለት ዐረፍተ ነገር ቢያገኝ ይበቃዋል።