ቫዮሊን ይዘው ሮክ ባንድ ሲገቡ የሚሠሩ ስህተቶች

ጁላይ 1 ቀን 1974 ኪንግ ክሪምሰን የተባለው የእንግሊዝ ሮክ ባንድ ኒው ዮርክ ሴንትራል ፓርክ ውስጥ ተጫወተ። (እዚህ የምጽፋቸው ዓመቶች ሁሉ በአውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።) ቫዮሊኑን የያዘው ዴቪድ ክሮስ ነበር። ባንዱን የተቀላቀለው ገና በ1972 ነው። ያ ምሽት ግን ከእነሱ ጋር የተጫወተበት የመጨረሻው ሆነ።

እኔን የሚያንገበግበኝ ከዚያ በኋላ የመጣው ነው። ከዚያ ጉዞ የተቀዳው የመድረክ አልበም በ1975 ሲወጣ፣ አንዳንዱን የቫዮሊን ክፍል ኤዲ ጆብሰን የተባለ ሌላ ቫዮሊኒስት ስቱዲዮ ገብቶ እንደገና ተጫውቶት ነበር። አስቡት፣ መድረክ ላይ የቆምከው አንተ፣ ሸክላው ላይ የሚሰማው ሌላ ሰው።

ክሮስ ችሎታ አላነሰውም። በኋላም በራሱ ስም ባንድ መሥርቶ ለብዙ ዓመታት ተጫውቷል። እኔም ቫዮሊን ይዤ ከድራምና ከጊታር ጋር ዓመታት ቆሜያለሁ። የተማርኩት ነገር ቢኖር፣ ሮክ ባንድ ውስጥ ቫዮሊኒስትን የሚጥለው አብዛኛውን ጊዜ የጣት ስንፍና አይደለም። አለመሰማት ነው። ከታች ያሉት ስህተቶች ሁሉ ዞረው ዞረው እዚያው ይደርሳሉ።

«ጎበዝ ከሆንኩ እሰማለሁ» ማለት

ከክሮስ ጎን የቆሙት ድራመሩ ቢል ብሩፎርድና ቤዝ ተጫዋቹ ጆን ዌተን ነበሩ። ሁለቱም በጉልበታቸው የታወቁ ናቸው። እነዚህ ሰዎች ሲጋጋሉ ቫዮሊን ምን ያድርግ? ክሮስ እየቆየ ኤሌክትሪክ ፒያኖው ላይ የሚያሳልፈው ጊዜ በዛ።

ነገሩ የድምፅ ከፍታ ብቻ አይደለም። የቫዮሊን ዝቅተኛው ክር 196 ኸርዝ (የድምፅ ቅጥነትና ውፍረት መለኪያ) አካባቢ ነው። ከዚያ ወደ ላይ ያለውን ቦታ ኤሌክትሪክ ጊታር፣ ኪቦርድና ዘፋኙ ይሻሙበታል። ላይኛው ጫፍ ላይ ደግሞ የድራሙ ሲምባል፣ ያ የሚጮኸው የናስ ሳህን፣ አለ። ስለዚህ «ድምፄን ጨምሩልኝ» ማለት ብዙ ጊዜ አይፈታውም። አንተ ስትጨምር ጊታሪስቱም ይጨምራል፣ ከዚያ ድራመሩ ይመታል፣ ማብቂያ የለውም።

የሚሠራው ልምምድ ላይ መነጋገር ነው። ጊታሪስቱን «እዚህ ጋ እኔ ላይ ስሆን አንተ ታች ሁን» ማለት። አንዳንዴም አምስተኛ ክር ያለው ቫዮሊን መያዝ ይጠቅማል፤ ታች እስከ 131 ኸርዝ ገደማ ይወርዳል። መድረክ ላይ ደግሞ ከሲምባሉ ፊት አትቁም። ቫዮሊኑ ላይ ያለው ፒክአፕ (የክሩን ንዝረት ወደ ኤሌክትሪክ የሚቀይር ዕቃ) ወይም ማይክ የሲምባሉን ድምፅ ይሰበስባል፣ ሳውንድ ማኑም አንተን ከፍ ባደረገ ቁጥር ሲምባሉን ከፍ ያደርጋል።

ገመዱን በቀጥታ ሚክሰር ላይ መሰካት

ይሄን ስህተት እኔም ሠርቼዋለሁ። ቫዮሊን ላይ የሚገጠመው የተለመደው ፒክአፕ ፒየዞ ይባላል። ደካማ ምልክት ነው የሚያወጣው። ገመዱ የሚገባበት ዕቃ የመቀበያ ኢምፒዳንሱ (ለምልክቱ የሚያሳየው የኤሌክትሪክ ተቃውሞ) ወደ 1 ሜጋኦም የሚጠጋ ወይም ከዚያ በላይ ካልሆነ ታችኛው ድምፅ ይጠፋል። የሚቀረው የሚቧጥጥና የሚሰነጥቅ ነገር ነው። ሰው «ቫዮሊን ሲጮህ ጆሮ ይበሳል» የሚለው ብዙውን ጊዜ ይሄን ሰምቶ ነው። በመሃል አንድ ትንሽ ፕሪአምፕ፣ ደካማውን ምልክት አጠንክሮ የሚያሳልፍ ዕቃ፣ ማስገባት በቂ ነው። ለመድረክ ልብስ ከማውጣትህ በፊት እሱን ግዛ።

ሌላው ፊድባክ ነው። ተራው ቫዮሊን ውስጡ ባዶ ሣጥን ስለሆነ ከሞኒተሩ (ወደ ሙዚቀኞቹ ከዞረው ስፒከር) የሚመጣውን ድምፅ ተቀብሎ መልሶ ይንጫረራል። ኃይለኛ ባንድ ውስጥ ከሆንክ ሣጥን የሌለው ኤሌክትሪክ ቫዮሊን ብዙ ጭንቅ ያቃልልሃል።

ዘፋኙ ሲዘፍን መጫወት

አጭር ነው፤ አትጫወት። ዘፋኙ ትንፋሽ ሲወስድ ግባ። አዝማሪ ማሲንቆውን እንዴት እንደሚመልስለት ልብ ብላችሁ ስሙ፤ ቃሉ ሲያልቅ ነው ማሲንቆው የሚናገረው።

ቫዮሊን ብቻ ይዞ መቅረት

ካንሳስ የተባለውን የአሜሪካ ባንድ የሚያውቅ ሮቢ ስታይንሃርትን ያውቃል። በ1950 ቺካጎ ተወለደ፣ ያደገው ካንሳስ ግዛት ሎረንስ ከተማ ነው። አባቱ የካንሳስ ዩኒቨርሲቲ የሙዚቃ ታሪክ ፕሮፌሰር ነበሩ። ልጅየው በክላሲካል ተኮትኩቶ አደገና ረጅም ጢሙን አሳድጎ ሮክ መድረክ ላይ ወጣ።

የባንዱ የመጀመሪያ አልበም በ1974 ወጣ። በ1978 «ደስት ኢን ዘ ዊንድ» በአሜሪካ ሰንጠረዥ 6ኛ ደረጃ ደረሰ። እዚያ ዘፈን ውስጥ ያለው የክር ድምፅ የስታይንሃርት ነው። ቀስ ብሎ ይገባል፣ የሚለውን ይላል፣ ይወጣል። ስንት ጊዜ ሰማሁት፣ አሁንም አልሰለቸኝም።

ግን ስታይንሃርት በቫዮሊን ብቻ አልቆመም። ከስቲቭ ዋልሽ ጋር እየተቀባበለ ይዘፍን ነበር። በዘፈኖች መሃል ሕዝቡን የሚያናግረውም እሱ ነበር። ባንዱ እሱን «ይሄ ሰው ባይመጣስ?» ብሎ ሊያልፈው አይችልም።

ከዚህ ተቃራኒውን ልንገራችሁ። ዘ ሁ የተባለው የእንግሊዝ ባንድ በ1971 ባወጣው «ባባ ኦራይሊ» መጨረሻ ላይ የሚከንፍ ቫዮሊን አለ። የተጫወተው ዴቭ አርበስ ነው፤ የሌላ ባንድ ልጅ ሲሆን በእንግድነት ገብቶ ነው። መድረክ ላይ ግን ያንን ክፍል ዘፋኙ ሮጀር ዳልትሪ በሃርሞኒካ ይጫወተው ነበር። ዜማው ቀጠለ፣ ቫዮሊኑ ቀረ። እንግዳ ሆኖ መጫወት ምንም ነውር የለውም፤ እንግዳ መሆንህን ሳታውቅ ዓመት መቁጠር ግን ያማል። ኪቦርድም ሆነ ሁለተኛ ድምፅ፣ አንድ ነገር ጨምር።

የገንዘቡን ነገር «በኋላ እንነጋገራለን» ማለት

እዚህ ጋ ቆም በሉልኝ።

በ1984 ብሉቤልስ የተባለ የግላስጎው ባንድ «ያንግ አት ሃርት» የሚል ዘፈን አወጣ። ለቀረጻው ቦቢ ቫለንቲኖ የተባለ ቫዮሊኒስት ተጠርቶ ነበር። 75 ፓውንድ ተከፈለውና ሄደ። መግቢያው ላይ ያለችው የቫዮሊን ዜማ፣ ሰው ገና ሲሰማት ዘፈኑን የሚለይባት፣ የእሱ ናት። በ1993 ዘፈኑ ለመኪና ማስታወቂያ ዋለ። እንደገና ወጣና በእንግሊዝ 1ኛ ሆነ። ቫለንቲኖ ከዚያ ከሰሰ። በ2002 ፍርድ ቤቱ ከዘፈኑ ደራሲዎች አንዱ ነው ብሎ ፈረደለት። በ2003 ይግባኝ ሰሚው ፍርዱን አጸናለት። ከቀረጻው እስከዚያ ወደ ሃያ ዓመት ነው።

እሱ አገኘ። ስንቱ ግን ጠበቃ የሚያቆምበት ይቅርና መክሰስ የሚቻል መሆኑን እንኳ አያውቅም። በእጁ ተቀብሎ፣ ምንም ሳይፈርም፣ «እግዚአብሔር ይስጥልኝ» ብሎ የሄደ ሙዚቀኛ እኛም ዘንድ አውቃለሁ።

ልዩነቱ የት ላይ እንደሆነ ይታወቅ። የተጫወተ ሰው አንድ ነው፣ ዘፈኑን የደረሰ ሰው ሌላ ነው፤ ገንዘቡም ይለያያል። አሜሪካ ውስጥ ለምሳሌ የተለመደው የአየር ሞገድ ሬዲዮ ዘፈን ሲያጫውት ለደራሲው ይከፈላል፣ ለተጫዋቹ ግን አይከፈልም። አንተ የፈጠርካት ዜማ የዘፈኑ መታወቂያ ከሆነች፣ አንተ ተጫዋች ብቻ አይደለህም።

ስለዚህ ዘፈኑ ከመውጣቱ በፊት ማን ምን እንደሠራ ጻፉ። አንድ ገጽ ይበቃል፤ ስም፣ ድርሻ በመቶኛ፣ ቀን፣ ፊርማ። ልምምዱንም በስልክህ ቅዳና ቀኑን ይዘህ አስቀምጥ። ጓደኛማቾች መሃል ወረቀት ማውጣት እንደሚያሳፍር አውቃለሁ። ዘፈኑ ገንዘብ ካመጣ በኋላ ማውጣት ግን ጓደኝነቱንም ይዞ ይሄዳል።

ጆሮን መርሳት

ቫዮሊን ከግራ ጆሮ ጥቂት ጣት ነው የሚርቀው። ከአምፕ በፊት ራሱ ቫዮሊኑ ያንን ጆሮ ይመታዋል። የአሜሪካ የሥራ ጤና ተመራማሪዎች 85 ዴሲቤል ላይ በቀን ከ8 ሰዓት አትለፉ ይላሉ። ድምፁ 3 ዴሲቤል በጨመረ ቁጥር ሰዓቱ በግማሽ ይቀንሳል። 100 ላይ ስትደርስ 15 ደቂቃ ብቻ ይቀርሃል። አንድ የሮክ ዝግጅት ስንት ሰዓት ይፈጃል? ለሙዚቀኛ ተብሎ የተሠራ የጆሮ መከላከያ አለ፤ ድምፁን ሳያፍን ዝቅ ያደርገዋል። ቢያንስ ለግራው አድርግ። ማታ ቤት ገብተህ ጆሮህ ጭው የሚል ከሆነ እሱ ድካም አይደለም።

የትምህርት ቤቱን ወረቀት ብቻ ማመን

ኖታ ማንበብ ትልቅ ሀብት ነው። ሮክ ባንድ ውስጥ ግን ብዙ ጊዜ ኖታ የሚሰጥህ የለም። «በዚህ ግባ» ይሉሃል፣ በቃ። እዚህ ላይ እኛ ያለን ጆሮ ይረዳል። ቫዮሊን እንደ ጊታር ጣት የሚወስን ፍሬት የለውም፤ የአንቺ ሆዬንም የባቲንም ቅኝት እንደ ማሲንቆ ሊያለቅስበት ይችላል። አንዲት አሜሪካዊት ቫዮሊኒስት አዲስ አበባ መጥታ «ቋንቋ» የሚባል ባንድ መሥርታለች። ኤሌክትሪክ ቫዮሊኗ ከእንድሪስ ሐሰን ማሲንቆ ጎን ሲጫወት የቱ የቱ እንደሆነ የሚያምታታበት ጊዜ አለ። ሮክ የሚጫወት ልጅ ሁሉ ቢሰማቸው ደስ ይለኛል።

የራስን ሥራ ማሳደር

ስታይንሃርት ከካንሳስ ባንድ ወጣ፣ በ1997 ተመለሰ፣ በ2006 እንደገና ወጣ። በራሱ ስም የሚወጣ ሙሉ አልበም የቀዳው ሰባ ዓመት ገደማ ሲሆነው ነው። ጁላይ 17 ቀን 2021፣ በ71 ዓመቱ፣ አረፈ። አልበሙ የወጣው በዚያው ዓመት፣ እሱ ከሞተ በኋላ ነው።