በዐውደ ምሕረት ላይ የሚደጋገሙ ስሕተቶች፦ ለጀማሪ ሰባክያን

እሑድ ጠዋት ከአራዳ ጊዮርጊስ ተነሥቶ በአራት ኪሎ በኩል ወደ ቅድስት ሥላሴ፣ ከዚያም ወደ በአታ የሚሄድ ሰው መንገዱን ሳይጨርስ የሦስትና የአራት ሰባክያንን ድምፅ ይሰማል። በመሀል አዲስ አበባ የሰባኪ እጥረት የለም። እኔም በዚሁ አካባቢ ባሉ አጥቢያዎች ለዓመታት ቆሜ አስተምሬአለሁ፤ አሁን ደግሞ የሰንበት ትምህርት ቤት ወጣቶችን ለስብከት አገልግሎት በማዘጋጀት እረዳለሁ። ከዚህ በታች የምዘረዝራቸው ስሕተቶች አብዛኞቹ የራሴ ስለ ነበሩ በማንም ላይ ጣት ለመቀሰር የተጻፉ አይደሉም። መልካቸው ይለያይ እንጂ ከአንድ ምንጭ ይቀዳሉ ብዬ አምናለሁ፤ ይኸውም ሰባኪው ተልኮ የመጣ መሆኑን ረስቶ የራሱን ጉዳይ ይዞ መቆሙ ነው። ሐዋርያው «ካልተላኩስ እንዴት ይሰብካሉ?» (ሮሜ 10፥15) ያለው ስለ ሹመት ደብዳቤ ብቻ አይመስለኝም።

ርእስ ቆርጦ ጥቅስ ማፈላለግ

ከሁሉ የከበደው ይህ ስለ ሆነ ጥቂት ልቆይበት። ሰባኪው ዓርብ ማታ «ስለ ጽናት አስተምራለሁ» ብሎ ይወስናል፤ ከዚያም ስልኩን ከፍቶ «ጽናት» የሚለው ቃል ያለባቸውን ጥቅሶች ይፈልጋል፤ አምስት ወይም ስድስት ሲያገኝ በመካከላቸው ታሪክ እየጨመረ ሰዓቱን ይሞላል። ጥቅሶቹ እውነት ናቸው፣ ርእሱም ነውር የለበትም። ነገር ግን ቅዱስ መጽሐፍ ምን እንደሚል አልተጠየቀም፤ ሰባኪው አስቀድሞ ለፈረደው ነገር ምስክር ሆኖ እንዲቆም ብቻ ተጠራ።

ቤተ ክርስቲያን ለዚህ መድኃኒቱን የየዕለቱን ንባብ በሚያሳየው መጽሐፍ፣ በግጻዌ፣ አስቀምጣለች። የዕለቱ የጳውሎስ መልእክት፣ የሌሎቹ ሐዋርያት መልእክት፣ ግብረ ሐዋርያት፣ ምስባኩና ወንጌሉ ተወስነው ይገኛሉ። «ምስባክ» የሚለው ስም ራሱ «ሰበከ» ከሚለው ግስ የወጣ ነው፤ ስለዚህ ዲያቆኑ ከመዝሙረ ዳዊት የተመረጡትን መሥመሮች በዜማ ሲያሰማ የዕለቱ ስብከት ከወንጌሉ በፊት ተጀምሯል ማለት ነው።

ምሳሌውን ከዐቢይ ጾም አራተኛ ሰንበት፣ ከመፃጉዕ ልውሰድ። በጀማሪነቴ ዘመን በዚህ ሰንበት ተራ ደርሶኝ፣ «ተስፋ አለመቁረጥ» በሚል ርእስ፣ ሠላሳ ስምንት ዓመት በሕመም የቆየውን ሰው የትዕግሥት አርአያ አድርጌ ረጅም ትምህርት ሰጠሁ። ስወርድ አንድ አረጋዊ መሪጌታ እጄን ይዘው፣ «ልጄ፣ መልካም ተናግረሃል፤ መፃጉዕን ግን ከነአልጋው ትተኸው ወረድህ» አሉኝ። ያን ቀን ተቀይሜአቸው ወደ ቤቴ ሄድሁ። ነገሩ የገባኝ ማታ የዮሐንስ ወንጌል ምዕራፍ 5ን እንደ ገና ሳነብ ነው።

ወንጌሉ ሰውዬውን በትዕግሥቱ አያመሰግነውም። «ልትድን ትወዳለህን?» ተብሎ ሲጠየቅ እንኳ «አዎን» አላለም፤ «ሰው የለኝም» አለ። አምስት መመላለሻ ባለው፣ በሽተኛ በሞላበት መጠመቂያ አጠገብ ተኝቶ ሰው ማጣቱ ነው ሕመሙ። የንባቡ ልብ ሳይጠራ ወደ እርሱ የመጣው ጌታ ነው። ምስባኩ ደግሞ «እግዚአብሔር ይረድኦ ውስተ ዓራተ ሕማሙ» ይላል፤ እግዚአብሔር በደዌው አልጋ ላይ ሳለ ይረዳዋል ማለት ነው። ዳዊት በአልጋ ላይ የሚረዳው እግዚአብሔር ነው አለ፤ ወንጌላዊው ደግሞ ወደ አልጋው ቀርቦ «ተነሣና አልጋህን ተሸክመህ ሂድ» ያለውን አሳየን። ሁለቱ ንባባት ጎን ለጎን በመቀመጣቸው ብቻ የክርስቶስ አምላክነት ተሰብኳል። ንባቡም ወደ ፊት ሄዶ ስለ ሰንበት የተነሣውን ክርክርና «አባቴ እስከ ዛሬ ይሠራል እኔም ደግሞ እሠራለሁ» የሚለውን ቃል ያመጣል። እኔ ይህን ሁሉ አልፌ ስለ ጽናት ያወራሁት፣ ስለ ጽናት ለማውራት ቀድሜ ስለ ወሰንሁ ነበር።

ለእኛ አገር ሰባኪ ከዚህ የሚቀርብ አብነትም አለ። ፊልጶስ ጃንደረባውን ያገኘው ኢሳይያስን ሲያነብ ነው፤ የራሱን ርእስ አላመጣም፤ ሰውዬው እያነበበ ከደረሰበት ስፍራ፣ «ከዚህም መጽሐፍ ጀምሮ» (ሐዋ. 8፥35) ኢየሱስን ሰበከለት።

ወንጌልን ወደ ምክር ማውረድ

በዐቢይ ጾም ስድስተኛ ሰንበት፣ የመክሊቱ ምሳሌ (ማቴ. 25) በሚነበብበት በገብር ኄር፣ «መክሊትህን አትቅበር» የሚል ስብከት ያልሰማ የአዲስ አበባ ምእመን ያለ አይመስለኝም። ዛሬ በአማርኛችን «መክሊት» ሲባል የመዘመር፣ የመሣል ወይም የመነገድ ተሰጥኦ ማለት ስለ ሆነ ሰባኪው ሳያስበው ምሳሌውን የሥራ ፈጠራ ሥልጠና ያደርገዋል። በምሳሌው ግን መክሊት በሚዛን የሚለካ ገንዘብ ነው፤ አንዱ መክሊት 6000 ዲናር ያህል ነበር። በማቴዎስ ወንጌል ምዕራፍ 20 የወይኑ ሠራተኛ የቀን ደመወዝ አንድ ዲናር መሆኑን ስናስታውስ፣ አንድ መክሊት ብቻ የተሰጠው አገልጋይ እንኳ በሰንበት እያረፈ የሚሠራ የቀን ሠራተኛ ወደ 20 ዓመት በሚጠጋ ጊዜ የሚያገኘውን ሀብት ተቀብሏል። ትንሽ ነገር የተሰጠው ሰው በዚያ ምሳሌ ውስጥ የለም።

ሦስተኛው አገልጋይ የጠፋውም በስንፍናው ብቻ አይደለም፤ ስለ ጌታው በነበረው አሳብ ጭምር ነው እንጂ። «ጨካኝ ሰው መሆንህን አውቃለሁ» አለ፤ ፈራና ቀበረ። ሁለቱን ደግሞ ጌታቸው «ወደ ጌታህ ደስታ ግባ» አላቸው። እንግዲህ ሰባኪው እግዚአብሔርን ወለዱን እየቆጠረ የሚጠብቅ አበዳሪ አድርጎ አስፈራርቶ ሲወርድ፣ የሰበከው የሦስተኛውን አገልጋይ ጌታ ነው። ትእዛዝ አይሰበክ ማለቴ አይደለም፤ ጾምና ምጽዋት፣ ንስሓና ይቅርታ ሁሉ ይሰበካሉ። ነገር ግን እግዚአብሔር ያደረገው ሳይነገር ሰው ማድረግ ያለበት ብቻ ከተነገረ፣ የምሥራቹ ቀርቶ የሰማነው መመሪያ ነው።

ግእዙን ለጌጥ፣ «አንድም»ን ለማምለጫ

ግእዝ መጥቀስ መልካም ነው፤ ሳይፈቱ መጥቀስ ግን ሰሚውን ደጅ ማቆም ነው። ከላይ ያነሣሁትን ምስባክ አንድ ጊዜ ሳልተረጉመው አለፍሁ፤ ከጉባኤው በኋላ አንዲት እናት ቀርበው «አባ፣ አራቱ ሕመሞች የተባሉት የትኞቹ ናቸው?» አሉኝ። (ካህን አይደለሁም፤ ነጭ የለበሰ ሁሉ ለእርሳቸው አባ ነው።) ዓራት አልጋ መሆኑን እንዲያውቁ ከየት ይምጣላቸው? በአማርኛ ጆሮ ቍጥር ነው።

«አንድም» ደግሞ ያማረውን አሳብ ሁሉ ማስገቢያ አይደለም። በትርጓሜ ቤት መምህሩ ንባቡን ያስነብባል፣ ነጠላ ትርጉሙን ይሰጣል፣ ከዚያ በኋላ ነው «አንድም» እያለ የሚያሰፋው፤ እርሱንም ከመምህሩ የተቀበለውን እንጂ ሌሊት የታየውን አይደለም። በብሉያት፣ በሐዲሳት፣ በሊቃውንትና በመነኮሳት መጻሕፍት ጉባኤ ዓመታት የሚቆጠሩት ይህን ሥርዓት ለመያዝ ነው። ነጠላውን ሳያውቅ ድርቡን የሚሰፋ ሰባኪ ግን ዛሬ ብዙ ነው።

የሰውን ምስጢር ምሳሌ ማድረግ

በአንድ ስብከት ውስጥ፣ አንዲት ምእመን በጭንቀት ያጫወቱኝን የቤታቸውን ችግር ስም ሳልጠራና ሰፈሩን ቀይሬ ተናገርሁት። ምሳሌው ተዋጣልኝ፤ ሕዝቡ ጸጥ አለ። ያን ጊዜ ከምሰሶው አጠገብ ቆመው የነበሩት እኚያ ሴት ነጠላቸውን እስከ ዓይናቸው ስበው ሲሸፈኑ አየሁ። ይቅርታ ጠየቅኋቸው፤ እርሳቸውም «ምንም አይደል» አሉኝ። ከዚያ ወዲህ ለብቻቸው መጥተው አላጫወቱኝም። ምሳሌ ያስፈለገው ሰባኪ ከራሱ ውድቀት ወይም ከመጽሐፉ ይውሰድ። ከማኅበራዊ ሚዲያ የተቃረመና ምንጩ የማይታወቅ ተአምርም ከዚሁ ይቈጠራል፤ ሐሰት መሆኑ የተደረሰበት ዕለት አብሮት የተጠቀሰውን ወንጌል ይዞት ይወድቃል።

ዕልልታ ማደን

ሕዝቡ ደስ ብሎት ዕልል ቢል የቆየ ወጋችን ነው፤ ሰባኪው «እስቲ ዕልል በሉ! አልሰማሁም!» እያለ ሲያስወጣው ግን ሌላ ነገር ነው። ፈተናው አዲስ አይደለም። ዮሐንስ አፈወርቅ በቁስጥንጥንያ ግብረ ሐዋርያትን ሲተረጉም፣ ሰሚዎቹ በስብከት መካከል እንዳያጨበጭቡ ሥርዓት ሊያኖር ተነሣ፤ ሕዝቡ ይህንኑ ሰምቶ አጨበጨበለት። እርሱ ራሱም ጭብጨባው ሲሰማ እንደ ሰው ደስ እንደሚለው፣ ቤቱ ሲገባና ሰሚዎቹ ምንም ሳይጠቀሙ መሄዳቸውን ሲያስብ ግን እንደሚያዝን አልሸሸገም። አውግስጢኖስም የሰባኪን ሥራ ማስተማር፣ ደስ ማሰኘትና ልብን ማንቀሳቀስ ብሎ ሲከፍል ማስተማርን የግድ አድርጎ አስቀድሞታል። ልምዴ እንደሚነግረኝ፣ ዕልልታ የለመደ ሰባኪ በሚቀጥለው እሑድ የሚዘጋጀው ዕልል ለሚባልበት መሥመር ነው፤ «ራሳችንን አንሰብክምና» (2ኛ ቆሮ. 4፥5) የሚለው ቃል የሚፈርሰውም በክህደት ሳይሆን በዚህ ዓይነቱ ዝግጅት ነው።

ሰዓትና ሞንታርቦ

ይህን በአጭሩ ልለፈው፤ ማስረዘሙ ራሱ ስሕተት ይሆንብኛልና። ጳውሎስ በጢሮአዳ እስከ መንፈቀ ሌሊት ሲናገር አውጤኪስ አንቀላፍቶ ከሦስተኛው ደርብ ወደቀ፤ ጳውሎስ ግን አስነሣው፤ እኛ ማስነሣቱን ስለማንችልበት ብናሳጥር ይሻላል። በ2016 ዓ.ም. ከፒያሳና ከዶሮ ማነቂያ ተነሥተው ዳር የሰፈሩ፣ የማውቃቸው ምእመናን ዛሬም ወደ ቀድሞው አጥቢያቸው የሚመጡት ሁለትና ሦስት ታክሲ ይዘው ነው፤ «በመጨረሻም» ብሎ ሦስት ጊዜ የሚጨርስ ሰባኪ እነዚህን ሰዎች አላያቸውም። ሞንታርቦውም ከቅጥሩ ውጭ ላለ በሽተኛ፣ ለአራስና ለሌላ እምነት ተከታይ ጎረቤት ሁሉ ይጮኻል። ሌላውን በስድብ የሚያነሣ ስብከት በዚያ ድምፅ ሲወጣ ምን እንደሚመስል ለማወቅ፣ ሰባኪው አንድ ቀን ባልደረባው ሲያስተምር በር ላይ ወጥቶ ከታክሲ ጠባቂዎቹ ጋር ቆሞ ይስማ።

«ቃለ ሕይወት ያሰማልን»ን እንደ ውጤት መቁጠር

ምእመኑ በደንብ ላስተማረውም በከንቱ ላደከመውም «ቃለ ሕይወት ያሰማልን» ይላል፤ ምርቃት ነው እንጂ ማርክ አይደለም። ብዙ ሰባክያን ግን ለዓመታት የሚሰሙት አስተያየት ይህ ብቻ ስለ ሆነ አንድም ስሕተታቸውን ሳያውቁ ያረጃሉ። ስለዚህ ተማሪዎቼን ካስተማሩ ከሦስት ቀን በኋላ ሦስት ሰሚዎችን እንዲጠይቁ አዝዛቸዋለሁ፤ «እንዴት ነበር?» ብለው አይደለም፤ «የእሑዱ ወንጌል ምን ይላል?» ብለው ነው። መልሱንም በደብተር ይጽፋሉ።

ባለፈው የመፃጉዕ ሰንበት ያስተማረ አንድ ተማሪዬ ረቡዕ ዕለት ደብተሩን ይዞ መጣ። ከጠየቃቸው አንዱ የግቢው ጥበቃ ነበሩ። «እኔ እስከ ዛሬ አራት የመሰለኝ አልጋ ኖሯል፤ እግዚአብሔር አልጋው ድረስ ይመጣል አልህ፤ ሌላውን አልያዝሁትም» ብለውታል። ተማሪዬ አራት ነጥብ ነበረው፤ ሦስቱ በመረሳታቸው ቅር ብሎታል። ደብተሩን መለስሁለትና ሦስቱን ነጥቦች በእርሳስ እንዲሰርዛቸው ነገርሁት።